ፊልሙን ማን ያሳየዋል?

ስለ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ የፊልም ሥራና ስለ አጭር ፊልም፣ ለሸዋ ሮቢትና ለጣርማ በር ነዋሪዎች የቀረበ የሕዝብ ንግግር



ፊልም ለመሥራት ካሜራ፣ ገንዘብና ተሰጥኦ ያስፈልጋል ይባላል። ልክ ነው። ሦስቱም ተሟልተው ፊልሙ ካለቀ በኋላ ግን አንድ ጥያቄ ይቀራል፤ ለሕዝብ የሚያሳየው ማን ነው? አዳራሹን የሚከፍተው፣ ቅጂውን ቆልፎ የሚያስቀምጠው፣ የቱ ይቆረጥ የቱ ይቅር ብሎ የሚወስነው ማን ነው? ዛሬ የማወራላችሁ ሰው፣ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ፣ ከሃምሳ ዓመት በላይ በዚህ ሙያ ኖረዋል። አሥራ ሦስት ደቂቃ ገደማ የሚፈጅ ፊልም ሠርተዋል፤ ሁለት ሰዓት ተኩል የሚወስድም ሠርተዋል። ልብ ወለዱንም ዘጋቢውንም ይዘዋል። ጽፈዋል፣ አዘጋጅተዋል፣ ቅንብሩን በገዛ እጃቸው ቆርጠው ቀጥለዋል፣ ገንዘብ ለምነዋል፣ አከፋፍለዋል፣ አስተምረዋል። ከዚህ ሁሉ እኔ አስበልጬ የማየው ለዚያ ጥያቄ የሰጡትን መልስ ነው። የፊልሞቹን ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር እጠራለሁ፤ የአገራችንን አቆጣጠር ስጠቀም ዓ.ም. ብዬ እለያለሁ።

ኃይሌ በ1946 ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ በጣሊያን ወረራ ዘመን አርበኛ የነበሩ፣ በኋላም ተውኔት እየጻፉ የሚያሳዩ፣ «ጎንደሬ በጋሻው» የተባለውን የአርበኞች ታሪክ መጽሐፍ ያበረከቱ ሰው ናቸው። እናታቸው መምህርት ነበሩ። ልጁ በአባቱ ተውኔቶች ውስጥ እየተጫወተ አደገ። ማታ ቤት ውስጥ ተረት ይሰማል፤ ወጣ ሲል ደግሞ ሲኒማ አለ። ሲኒማው የሚያሳየው ታርዛንንና የካውቦይ ፊልም ነበር። ኃይሌ በየቃለ ምልልሳቸው እንደሚያነሱት፣ እሳቸውና ጓደኞቻቸው የሚያጨበጭቡት ለታርዛን ነበር። በጫካው ውስጥ የሚሸነፉት አፍሪካውያን እንደ ጠላት ይታዩዋቸው ነበር። እስቲ አስቡት፤ ወራሪን በጦር ሜዳ የተጋፈጠ አባት ልጅ፣ ጨለማ አዳራሽ ውስጥ ተቀምጦ በራሱ ወገን ላይ ያጨበጭባል! ያስገደደው ሰው የለም። የሚያሳየው ሰው የመረጠለትን ተቀምጦ አየ፣ ይኸው ነው።

እኛም ያው ነን፤ በደሴ መንገድ ዳር ባሉ ከተሞች ያደገ ሁሉ ቪዲዮ ቤቱን ያስታውሳል፤ አግዳሚ ወንበሩን፣ በሩ ላይ የተንጠለጠለውን ጥቁር መጋረጃ፣ ውጪ በጠመኔ የተጻፈውን የፊልም ስም። ካራቴውንም የሕንዱንም እዚያ አየን። ደግ ነው፤ ሌላውን ዓለም ማየት አይከፋም። የሮቢን ወንዝ ግን እዚያ አላየነውም፤ የጣርማ በርን ጉም አላየነውም፤ በራሳችን አነጋገር የሚቆጣና የሚያቆላምጥ ሰውም አላየንም።

ወደ ኃይሌ ልመለስ። በ1967 ትወና ለመማር ቺካጎ ወደሚገኘው የጉድማን ድራማ ትምህርት ቤት ሄዱ። እዚያ የሚደርሳቸው የአሽከርና የጥቃቅን ሰው ሚና ስለሆነባቸው ትተው ወደ ሎስ አንጀለስ፣ ወደ ዩሲኤልኤ ዩኒቨርሲቲ ተሻገሩ፤ ከትወናም ወደ ፊልም ዞሩ። በዚያን ጊዜ በዩሲኤልኤ እንደ ቻርልስ በርኔት፣ ላሪ ክላርክ፣ ቆየት ብላም ጁሊ ዳሽ ያሉ ጥቁር ተማሪዎች ተሰባስበው «በሆሊዉድ መንገድ አንሄድም» ይሉ ነበር። የፊልም ታሪክ ጸሐፊዎች በኋላ «የሎስ አንጀለስ አመፅ» ብለው የሰየሟቸው እነዚህ ናቸው። ከአጠገባቸው ሌላ ኢትዮጵያዊ ነበሩ፤ ፕሮፌሰር ተሾመ ገብርኤል። ተሾመ ስለ «ሦስተኛው ሲኒማ»፣ ማለትም የእስያ፣ የአፍሪካና የላቲን አሜሪካ ሕዝቦች ለነጻነታቸው ስለሠሩት ፊልም፣ በ1982 ያሳተሙት መጽሐፍ እስከ ዛሬ በየዩኒቨርሲቲው ይጠቀሳል። በ2010 አረፉ። በገዛ አገራቸው ስማቸውን የሚያውቅ ጥቂት ሰው መሆኑ ያሳዝነኛል።

የኃይሌ የመጀመሪያ ሥራ «አወር ግላስ» (1971) አጭር ፊልም ነው። አንድ ወጣት ጥቁር የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ለነጭ ተመልካች መደሰቻ እንደሚታገል የጥንት ሮም ባሪያ መሆኑ ቀስ በቀስ ይገለጥለታል። ቀጥሎ «ቻይልድ ኦፍ ሬዚስታንስ» (1972) መጣ፤ 36 ደቂቃ ነው። ኃይሌ የጥቁሮች መብት ታጋይዋ አንጀላ ዴቪስ እጇ በካቴና ታስሮ በቴሌቪዥን ስትታይ አዩ፤ ከዚያ ሕልም አለሙ፤ ሕልሙን ፊልም አደረጉት። የታሰረች ሴት በክፍሏ ውስጥ ሕልምና እውኑ ይቀላቀልባታል።

ለምን አጭር? አንዱ ምክንያት ገንዘብ ነው። በዚያን ዘመን ተማሪ በሚቀርጽበት በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም፣ መቶ ጫማ የሚረዝመው ጥቅል ሦስት ደቂቃ አይሞላም፤ አራት መቶ ጫማው አሥራ አንድ ደቂቃ ያህል ነው። ይገዛል፣ ይቀረጽበታል፣ ላቦራቶሪ ገብቶ ይታጠባል፣ ይታተማል፤ በየደረጃው ይከፈልበታል። ስለዚህ ፊልም ሠሪው ካሜራውን ከመክፈቱ በፊት የሚፈልገውን ማወቅ ነበረበት። እናንተ ዛሬ ስልካችሁ ላይ ቀኑን ሙሉ ብትቀርጹ የሚጠይቃችሁ የለም፤ ያ ዕድል ነው፣ አደጋም ነው። ሁለተኛው ምክንያት ግን ይበልጣል። አጭር ፊልም ማንንም ደጅ ሳይጠኑ የሚሠራ ፊልም ነው። ባለሀብት «ፍቅር ጨምርበት፣ መጨረሻውን አስደስተው» አይለውም። አጭር ፊልም ለረዥሙ መለማመጃ ነው የሚሉ አሉ፤ እኔ አልስማማም። ሰው የራሱን ዓይን የሚያገኘው እዚያ ነው፤ እዚያ ካላገኘው በረዥሙ ላይ አያገኘውም።

የመመረቂያ ሥራቸው «ቡሽ ማማ» ነው። ዋትስ በተባለው የሎስ አንጀለስ ጥቁሮች ሰፈር የምትኖር፣ ባሏ ያለ ጥፋቱ የታሰረባት፣ በድጎማ የምትተዳደር ዶሮቲ የምትባል ሴት ታሪክ ነው። የፊልሙን መግቢያ ልንገራችሁ። መንገድ ላይ ፖሊሶች ጥቁር ወጣቶችን አስቁመው እጃቸውን አስነስተው ይፈትሻሉ። ተመልካች ትወና ይመስለዋል። ትወና አይደለም። የሚፈተሹት የፊልሙ ሠራተኞች ራሳቸው ናቸው፤ ኃይሌም አሉበት። ካሜራ የያዙ ጥቁሮች ሌባ ይመስላሉ ተብለው ተይዘው ነው። ካሜራው ግን አልቆመም፤ ኃይሌም ያን ቁራጭ የፊልሙ መግቢያ አደረጉት። ሌላ ሰው ቢሆን «ቀረጻችን ተበላሸ» ብሎ ይጥለው ነበር። የእጥረት ዘመን አዘጋጅ የሚታወቀው በዚህ ነው፤ የደረሰበትን ሁሉ የሥራው አካል ያደርገዋል።

ከዚያ 1974 ላይ እንደርሳለን፤ በእኛ 1966 ዓ.ም.። ኃይሌ በትምህርት ቤት ዕረፍት ወደ አገር ቤት መጥተው በሁለት ሳምንት ገደማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጹ። በጥቁርና ነጭ ነው። የካሜራው ሰው ኤሊየት ዴቪስ ይባላል። ተዋንያኑ ሙያተኞች ሳይሆኑ የአገሩ ሰዎች ናቸው፤ ቋንቋው አማርኛ ነው። ባላባቱ ከቤቱ ደጅ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ጭሰኛውን ይሰድባል፤ ስድቡ አያልቅበትም። ጭሰኛው ያርሳል፤ ሴቲቱ ትፈጫለች፤ ልጅቷ ከብት ትጠብቃለች። ካሜራው አይቸኩልም። በሬው ዞሮ እስኪመለስ ይጠብቃል። የይፋት ገበሬ ቁጭ ብሎ ቢያየው «ይህ ፊልም ነው ወይስ የእኔ ማሳ?» ብሎ የሚጠይቅ ይመስለኛል። በመካከሉ ልጅቷ ትቃዣለች፤ በቅዠቷ እናትና አባቷ እንደ በሬ ተጠምደው ያርሳሉ፣ ባላባቱ ይገርፋቸዋል። ንግግር የለም። የገባርነትን ሥርዓት ለማስረዳት የተጻፈ ብዙ ገጽ አንብቤያለሁ፤ እንደዚያ ቅዠት ያስረዳኝ የለም። ፊልሙ በ1976 በስዊዘርላንድ የሎካርኖ ፌስቲቫል ተሸልሟል።

በዚያው ወቅት ሌላ ፊልም በአገራችን ታሪክ ሠርቷል፤ እዚህ ላይ ጥያቄዬን ላጥብቀው። በ1973 እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በወሎ የደረሰውን ረኃብ ቀርጾ ለእንግሊዝ ቴሌቪዥን አቀረበ። ረዥም ፊልም አይደለም። በእንግሊዝ የታየው ሰው እንዲደነግጥና እንዲረዳ ነበር። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ደርግ ያንኑ ምስል ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስል ጋር አቀላቅሎ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየው፤ በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። የተራበው ሰው ፊት አልተለወጠም። የሚያሳየው እጅ ሲለወጥ ግን የምስሉ ሥራ ተለወጠ። የቀረጸው የውጭ ሰው፣ ያሳየው ባለ ሥልጣን፤ የተቀረጸው የወሎ ገበሬ በሁለቱም ቦታ ቃል አልነበረውም።

ኃይሌ ይህን የተረዱ ሰው ናቸው። ከ1975 ጀምሮ በዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አስተማሪ ሆኑ፤ ደመወዙ ኑሯቸውን ቻለላቸው፣ ፊልማቸውን ከገበያ ትእዛዝ ጠበቀላቸው። ኋላ በ«አራይቫል» ለኦስካር የታጨው የካሜራ ባለሙያ ብራድፎርድ ያንግ የእሳቸው ተማሪ ነበር። ዘጋቢ ፊልሞችም ሠሩ፤ በሰሜን ካሮላይና ያለ ፍትሕ ስለታሰሩ አሥር ሰዎች፣ ከተማሪዎቻቸው ጋርም ስለ ገጣሚው ስተርሊንግ ብራውን። በ1982 ደግሞ የራሳቸውን የፊልም ማከፋፈያ ድርጅት መሠረቱ። ይህ የመጨረሻው ለሥራቸው ሁሉ ቁልፍ ነው ብዬ አምናለሁ።

ፈተናው የመጣው በ«ሳንኮፋ» ነው። ስለ ባሪያ ንግድ የሚናገረውን ይህን ፊልም ለመሥራት ዘጠኝ ዓመት ያህል ገንዘብ ሲያሰባስቡ ኖሩ። ባለቤታቸው ሺሪኪያና አይና፣ ራሷም ፊልም ሠሪ፣ ከጎናቸው ነበረች። በ1993 ፊልሙ በበርሊን ፌስቲቫል ለውድድር ቀረበ። ከዚያ በኋላ ግን የአሜሪካ አከፋፋዮች አንቀበልም አሉ። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ቅጂውን ሳጥን ውስጥ ከትቶ ያለቅሳል። ኃይሌና ሺሪኪያና ሲኒማ ቤት በራሳቸው ተከራዩ። ቤተ ክርስቲያኑን፣ ማኅበሩን፣ የፀጉር ቤቱን ሰው ጠርተው «ኑ እዩ፣ ለሌላው ንገሩ» አሉ። ሰዉ በዋሽንግተን ሰልፍ ያዘ፤ ፊልሙ ለሳምንታት ቆየ፤ ከዚያ ከከተማ ወደ ከተማ በዚሁ መንገድ ተጓዘ። ባገኙት ገንዘብ በጆርጂያ አቬኑ፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ «ሳንኮፋ» የተባለ የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብር ከፈቱ፤ ዛሬም አለ። በ2021 ፊልሙ ታድሶ በኔትፍሊክስ ለዓለም ሲቀርብ ባለቤትነቱ ከእጃቸው አልወጣም ነበር።

በእኛም አገር ይህን የተረዳ ሰው አልጠፋም፤ ቴዎድሮስ ተሾመ ፊልም እየሠራ ሴባስቶፖል የተባለውን የራሱን ሲኒማ ቤት አዲስ አበባ ላይ ከፍቷል። የፊልሞቹ ዓይነት ከኃይሌ ይለያል። አዳራሹ የማን ነው የሚለው ጥያቄ ግን አንድ ነው።

ነጻነት ዋጋ አለው። ከ«ሳንኮፋ» እስከ «ጤዛ» ድረስ አሥራ አምስት ዓመት አለፈ። በመካከሉ በ1999 «አድዋ» የተሰኘውን ዘጋቢ ፊልም አወጡ። «ጤዛ» በጎንደርና በጀርመን የተቀረጸ ነው፤ ተምሮ የተመለሰ ሐኪም፣ አንበርብር፣ የአብዮቱን ቁስል ተሸክሞ እናቱ ቤት ይገባል። በ2008 በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማትን፣ በ2009 ፌስፓኮ በተባለው የዋጋዱጉ የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል የወርቃማ ፈረስ ሽልማትን አገኘ። የኃይሌ ፊልሞች አንዳንድ ቦታ ይሰብካሉ፤ ገጸ ባሕርይው ሐሳቡን ሕይወት ሳይሰጠው በቃል ይናገረዋል። ይህን ሳልናገር ባልፍ ለወጣቱ አልታመንም። ምስሉ ዝም ባለበት ቦታ ግን የሚስተካከላቸው ጥቂት ነው። ከዚህ በላይ የማዝነው፣ የሠሩት ሁሉ በውጭ ገንዘብና በውጭ ላቦራቶሪ መሆኑ ነው፤ ያ የእሳቸው ጥፋት አይደለም።

ከእሳቸው በኋላ የመጡትን በአጭሩ ልጥቀስ። ጄሲካ በሽር ሜክሲኮ ተወልዳ ሐረር ያደገች ናት። «ሐይራት» (2017) በሐረር ማታ ማታ ጅብ ስለሚመግብ ሰው የሠራችው የጥቂት ደቂቃ ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። ካሜራውን ራሷ ይዛ፣ እየተመላለሰች አሥር ዓመት ያህል የደከመችበትን «ፋያ ዳዪ»ን ደግሞ በ2021 አወጣች፤ ስለ ጫትና በጫት ዙሪያ ስለሚያልም ወጣት ነው። ጫት በሚበቅልበት የአርጎባ ቀበሌ ያለ ወጣት ያንን ፊልም ቢያይ የሚለው ብዙ ነገር ይኖረዋል። ሕይወት አድማሱ አንዲት ታዳጊ ልጅ ላይ ያተኮረ «ኒው አይስ» የተባለ አጭር ፊልሟን በ2015 ቬኒስ አቀረበች። የቤዛ ኃይሉ ለማ አጭር ፊልም «አላዛር» በ2024 በካን የተቺዎች ሳምንት ታይቷል። እነዚህ ሥራዎች በውጭ አገር አዳራሽ ታይተዋል። በሸዋ ሮቢት አዳራሽ አልታዩም፤ እስኪ ያያችሁ እጃችሁን አውጡ።

እንግዲህ ወደ እናንተ። ከጣርማ በር አፋፍ፣ ከሦስት ሺህ ሜትር በላይ ካለው ብርድና ጉም፣ ተነስቶ በዋሻው አልፎ በደብረ ሲና ወርዶ 1,300 ሜትር ገደማ ወዳለው የሸዋ ሮቢት ሙቀት የሚደርስ ሰው መንገዱን ቁርስና ምሳ መካከል ይጨርሰዋል። ላይ ገብስና ባቄላ፣ ታች ማሽላ፣ ማሾና ሽንኩርት። እሑድ ሰንበቴ ገበያ አፋሩ፣ አርጎባው፣ ኦሮሞው፣ አማራው በአንድ ሜዳ ይገበያያል። ያን የጣርማ በር ዋሻ በወረራው ዘመን ያስቆፈረው ጣሊያን ነው፤ በዙሪያው ባሉት የመንዝ፣ የይፋትና የተጉለት ተራሮች ደግሞ ራስ አበበ አረጋይና አርበኞቻቸው ይዋጉት ነበር። ኃይሌ ስለዚያ ወረራ ሰፊ ዘጋቢ ፊልም ለማውጣት ብዙ ዓመት ደክመዋል። የዚህ ቀበሌ ታሪክ ግን ከእናንተ ሌላ የሚቀርጸው ሰው አይመጣም።

ሥራውን በተመለከተ ጥቂት ልበል፤ ልምድ ያስተማረኝ ነው። ለመጀመሪያው ፊልማችሁ አንድ ሰው፣ አንድ ቦታ፣ አንድ ቀን ይበቃል። አሥር ደቂቃ አትለፉ። የስዕሉ ጥራት ቢጎድል ሕዝብ ይታገሣል፤ ድምፁ ካልተሰማ ግን ተነስቶ ይሄዳል። የሸዋ ሮቢት ከሰዓት ነፋስ በስልክ ማይክራፎን ላይ ማዕበል ይመስላል። ስለዚህ ሁለተኛ ስልክ ተናጋሪው ደረት አጠገብ፣ ከነጠላው ሥር አድርጉና ድምፁን ለብቻ ቅረጹ። ሲጀመር አንድ ጊዜ በኃይል አጨብጭቡ፤ በኋላ ስዕሉንና ድምፁን የምታገጣጥሙት በዚያ ጭብጨባ ነው። የምትቀርጹትን ሰው ፈቃድ ጠይቁ፣ ሲያልቅም መጀመሪያ ለእሱ አሳዩት። ዋናውን ቅጂ ሁለት ቦታ አስቀምጡ፤ ለማንም ሳትዋዋሉ አትስጡ።

ከሁሉ በፊት የማስቀድመው ጉዳይ አለኝ። 1966 ዓ.ም.ን በዓይናቸው ያዩ፣ የጭሰኛ ልጅ ሆነው ያደጉ፣ ከአርበኛ አባታቸው አፍ የሰሙ አዛውንቶች በየቀበሌው አሉ፤ በየዓመቱ ቁጥራቸው ይቀንሳል። ከእነሱ ጀምሩ። አያታችሁን ከጓሮዋ ጀምራችሁ ቅረጹ።

ለእናንተ ደግሞ፣ የትምህርት ቤት ርእሳነ መምህራንና የአዳራሽ ኃላፊዎች፣ አንድ ልመና አለኝ። ፕሮጀክተር አለ፤ ነጭ አንሶላ አይጠፋም፤ ወንበሩ እዚሁ ነው። በወር አንድ ቅዳሜ ማታ ቁልፉን ለእነዚህ ልጆች ስጧቸው፣ የሠሩትን ለራሳቸው ሕዝብ ያሳዩ።